ነጣቂው ወሰደው

የአገሬን ስም አልጠራም። እሷም የኔን ስም መጥራት ከተወች ቆይታለች፤ ስለዚህ ተካክሰናል። ከትልቅ ደን ግርጌ የተቀመጠች፣ በአንድ ወገን ወንዝ የሚያዋስናት አገር ናት ብዬ ልለፈው። ይህን የምጽፈው ከወንዙ ማዶ ሆኜ ነው። የምጽፈውም ሰው እንዲያመሰግነኝ ወይም እንዲፈርድልኝ አይደለም። አፍሬያለሁ፤ ሐፍረቴንም ብቻዬን ይዤው ብዙ ከረምኩ።

በደናችን ውስጥ አንድ ዓይነት ትልቅ ንስር ነበር። በዛፍ መሐል ለመብረር እንዲመቸው ክንፉ አጠር ብሎ ሰፋ ያለ፣ ጅራቱ ረጅም፣ ጥፍሩ የሰው ጣት የሚያህል፣ ሲቆጣ ደግሞ ራሱ ላይ የሚቆም ቁንጮ ያለው ወፍ ነው። ምግቡ ጦጣና ጉሬዛ ነው። ቅድመ አያቶቻችን አንድ ቀን ይህ ወፍ ከቅርንጫፍ ላይ ጦጣ መንጭቆ ሲወስድ አዩና «ነጣቂ» አሉት። ከዚያ ወዲያ ሌላ ነገር ሲነጥቅ ያየው ሰው የለም፤ ስሙ ግን ቀረ። ወንዝ ማዶ ያሉ ሰዎች ይህንኑ ወፍ «ባለቁንጮ» ይሉታል። በእነሱ አገር ዕቃ የሚወስደው ሌባ ነው።

በእኛ አገር ዕቃ የሚወስደው ነጣቂው ነበር። አንድ ነገር ሲጠፋ ባለቤቱ ሰው ይልክና ላባ አኑሪውን ያስጠራል። ላባ አኑሪው ከረጢቱን በትከሻው አንጠልጥሎ ይመጣል፤ ጎረቤት በተሰበሰበበትም ሦስት ጥያቄ ይጠይቃል። «ነበረ ወይ?» ይላል። «ነበረ» ይባላል። «አሁን የለም ወይ?» «የለም።» «እጅ ያየ አለ ወይ?» እጅ ያየ ከሌለ ላባ አኑሪው ከከረጢቱ አንድ የነጣቂ ላባ አውጥቶ ዕቃው ከነበረበት ቦታ ያኖርና «ነጣቂው ወሰደው» ይላል። በዚያው አለቀ። ላባ ያረፈበት ነገር አይፈለግም፣ አይጠየቅም፣ ስሙም አይነሳም። ላባውን ሊያነሳ የሚችል ያኖረው ሰው ብቻ ነው፤ እሱም ገበያ መሐል ቆሞ፣ እጁን ወደ ላይ ዘርግቶ፣ «እጅ ነበር» ማለት አለበት። በአባቴ ዘመን እንዲህ ያደረገ ላባ አኑሪ አልነበረም።

ላባ አኑሪው እኔ ነኝ። ስሜ ስንሻው ይባላል፤ ሙያውን የወረስኩት ከአባቴ ነው።

እውነቱን ለመናገር ሥርዓቱ ሲጀመር ክፉ አልነበረም። በድሮ ዘመን አንዲት ጊደር ጠፍታ ሁለት መንደር ተላልቋል ይባላል። ከዚያ በኋላ ሽማግሌዎች ተቀምጠው መከሩ፤ ሰው ሰውን ከሚጠረጥር ሁሉም ወፉን ቢጠረጥር ይሻላል አሉ። ወፍ ቂም አይዝ፣ ዘመድ የለው፣ ሸንጎ መጥቶ አይከራከር። እውነትም ጎረቤትና ጎረቤት መፋጀቱን ተወ። ሌባውና የተሰረቀው አንድ ገበታ ላይ ቀርበው ነጣቂውን አብረው ይረግሙት ጀመር።

ዶሮና ግልገል ሲጠፋ የነገሩ ግራነት አልታወቀንም። ቀስ በቀስ ግን ነጣቂው ማረሻ ወሰደ። ምጣድ ወሰደ። አንድ ዓመት ከነማጠፊያው የቤት በር ወሰደ፤ በማግስቱ ደግሞ የጎረቤቱ ቤት በር አወጣ፤ ማንም አልገረመውም። አንዲት አሮጊት የወፍጮ ድንጋያቸው በጠፋ ጊዜ፣ «ወፍ ድንጋይ ምን ያደርግለታል? ይበላዋል?» ብለው ሸንጎውን ጠየቁ። ከሸንጎው መሐል የስም ትርጉም የሚተነትን አዋቂ ተቀምጦ ነበር። «እማማ፣ ይነጥቃል ተባለ እንጂ ይበላል መቼ ተባለ?» አላቸው። «ስምን መልአክ ያወጣዋል። ነጣቂ ካልነጠቀ ስሙ ከየት መጣ?» አሮጊቷም ሸንጎው ሳቀባቸውና ተቀመጡ። እኔም ከሳቁት አንዱ ነበርኩ።

ወፉ ይህን ሁሉ ሲያጠፋ ዝም አልተባለም። በጠፋ ዕቃ ላይ ሁሉ የሚሾመው ባለሥልጣን ሊቀ ጥፋት ይባላል፤ ያኔ የነበረው ሊቀ ጥፋት ለአንድ ላባ አንድ ዛፍ እንዲቆረጥ ፈረደ። ወፉን መያዝ ስላልተቻለ የሚያርፍበትን መቅጣት ነው። ፍርዱን አዋጅ ነጋሪው ከዛፉ ሥር ቆሞ ጮክ ብሎ ያነባል፤ ዛፉ የሚመልሰው ነገር እንዳለም ይጠይቃል። ትንሽ ይጠበቃል። ከዚያ ይቆረጣል። ግንዱና ሳንቃው፣ ነጣቂው ተመልሶ እንዳይወስደው ተብሎ፣ በሊቀ ጥፋት ግቢ ይቀመጣል። እንዲያው ከሚቀመጥ ደግሞ ቤት ሆኖ ቢቀመጥ ይሻላል ተባለ። ቤቱም በየዓመቱ አንዳንድ ፎቅ እየጨመረ ሄደ።

ከሁሉ ከሁሉ ትልቁ ስርቆት የድልድዩ ነው። ወንዙን የምንሻገርበት የእንጨት ድልድይ በአንድ ሳምንት ውስጥ ሳንቃው አልቆ ሁለት ምሰሶ ብቻ ቀረ። ሄጄ ዳር ላይ ላባ አኖርኩ። ወር ሳይሞላ ሊቀ ጥፋት አዲስ ሰገነት አሠሩ። ከሰገነቱ ሳንቃዎች አንዱ ላይ የበቅሎ ሰኮና የፋቀው ምልክት ነበረበት፤ የአንለይ በቅሎ ድልድዩ ላይ ተንሸራታ የወደቀች ዕለት የፋቀችው ነው። አገሩ ሁሉ ያንን ምልክት ያውቀዋል። ሰገነቱ ሲመረቅ አገሩ ሁሉ ተጋብዞ በላ።

አንለይ አብሮ አደጌ ነው። ሥራው ረጃጅም ዛፍ ላይ ቀፎ መስቀልና ማር መቁረጥ ነበር። በገመድ እየተሳበ ማንም ከማይደርስበት ቅርንጫፍ ይደርሳል፤ ሲወርድም ከነጣቂው ጎጆ ሥር የወደቁ ላባዎች ለቅሞ ያመጣልኛል። አንድ ቀን ባዶ እጁን መጣ።

«ስንሻው፣ ጎጆው ቀዝቅዟል» አለኝ።

«እንዴት ቀዝቅዟል?»

«ሦስት ክረምት ሆነው። ተመልሰው ይመጣሉ ብዬ ዝም አልኩህ፤ ያመጣሁልህም የድሮ ውዳቂ ነበር። ጎጆው ላይ ሣር በቅሎበታል። ዛፉ ሲያልቅ ጦጣው ሸሸ፤ ጦጣው ሲሸሽ እነሱም ሄዱ። በእኛ ደን አንድም ነጣቂ የለም።»

«ለሌላ ሰው ተናግረሃል?»

«ላንተ ነው የነገርኩት።»

«በል እዚሁ ይቅር» አልኩት። እሱም ወዳጄ ነውና እዚያው አስቀረው።

ወፉ ከሌለ ላባ የለም፤ ላባ ከሌለ ደግሞ ላባ አኑሪ ምን ይባላል? ከእርሻ ተነቅዬ ከኖርኩ ሃያ ዓመት ሆኖኛል። በሰው ቤት ስገባ ከመቀመጫው የማይነሳልኝ አልነበረም። ያንን ለመተው አልቻልኩም። የአንለይ ሚስት ትርንጎ አንድ ትልቅ ገብስማ አውራ ዶሮ ነበራት፤ ላባው ጥቁርና ነጭ ሆኖ ከሩቅ ለሚያየው የነጣቂውን ይመስላል። ጥላሸት በሙጫ ለውሼ ጥቂት ባስነካው የሚለየው የለም ብዬ አሰብኩ። ባልና ሚስቱ አጨዳ የወጡ ዕለት በጠራራ ፀሐይ ግቢያቸው ገባሁ። ዶሮው ጎረቤት እየዘለለ ቢያስቸግራት ትርንጎ የቀኝ ክንፉን ላባ ጫፍ ጫፉን በመቀስ ቆርጣው ነበር፤ ስለዚህ አጥሩን መዝለል አቅቶት እጄ ገባ። በጋቢዬ ሸፍኜ ወሰድኩት።

በማግስቱ ትርንጎ አስጠራችኝ። ሦስቱን ጥያቄ ጠየቅኩ። እጅ ያየ አልነበረም። ከቀሩኝ ሁለት እውነተኛ ላባዎች አንዱን ከዶሮው ቆጥ ሥር አኖርኩላት፤ ቢያንስ ለእሷ እውነተኛው ይገባታል ብዬ። «ደከመህ አያ ስንሻው፣ ለአንድ ዶሮ ብለህ» ብላ ጠላ ቀዳችልኝ። ዓይኔን በጨው አጥቤ ጠጣሁላት። ቤቴ ስመለስ የዶሮው ወጥ እንደ ጣድኩት እሳት ላይ ነበር።

እንዲህ ሆነን ሳለን ሊቀ ጥፋት ሸንጎ ጠሩ። ሸንጎው የሚቀመጥበት ዋርካ ባለፈው ዓመት ስለተፈረደበት ፀሐይ ላይ ነበር የተቀመጥነው። ሊቀ ጥፋት ከዣንጥላ ሥር ሆነው፣ ድልድይ የሚያህል ነገር ጠፍቶ አንድ ዛፍ መቁረጥ ፍርድ ማጉደል ስለሆነ፣ የቀረው ደን በሙሉ እንዲቆረጥ ወስነናል አሉ። የቀረው ደን የአንለይ ቀፎዎች የተሰቀሉበት ነው።

አንለይ ተነሣ። ሸንጎ ፊት ተናግሮ አያውቅም፤ እጁን የት እንደሚያደርገው ጠፍቶት ነበር።

«ጌታዬ፣ የምንቀጣው ማንን ነው? ወፉ እኮ የለም። እኔ ወጥቼ አይቻለሁ። ጎጆው ሣር አብቅሏል። ድልድዩ የጠፋው ደግሞ ወፉ ከሄደ በኋላ ነው።»

ሊቀ ጥፋት አልተቆጡም። ዞር ብለው እኔን አዩኝ።

«ላባ አኑሪ፣ አሁንም ላባ ታኖራለህ?»

«አኖራለሁ ጌታዬ።»

«ላባው ከየት ነው የሚመጣው?»

ሸንጎው በሙሉ ወደኔ ዞረ። አንለይም አየኝ። ከረጢቴ ጉልበቴ ላይ ነበር፤ በውስጡም የሚስቱ ዶሮ ላባ ነበር። አንድ ቃል ነበር የሚጠበቅብኝ።

«ከወፉ» አልኩ።

አንለይ «ትዋሻለህ» ቢለኝ፣ እጄን ይዞ ከረጢቱን ቢያስከፍተኝ ይችል ነበር። እኔን ላለማሳፈር ብሎ ተቀመጠ። እስከ ዛሬ የሚቆጠቁጠኝ ከቃሌ ይልቅ የሱ መቀመጥ ነው።

በአራተኛው ቀን አንለይ ጠፋ።

ሊቀ ጥፋት ላባ እንዳኖር አዋጅ ነጋሪውን አስከትለው ላኩኝ። ትርንጎ ከደጃፏ ቆማ ጠበቀችን፤ ጎረቤቱም ተሰብስቧል። ባሏ ማታ ማታ የሚቀመጥባት በርጩማ በሩ አጠገብ ነበረች።

«ነበረ ወይ?» አልኳት።

«ነበረ።»

«አሁን የለም ወይ?»

«የለም።»

«እጅ ያየ አለ ወይ?»

«አለ» አለች። «እኔ አይቻለሁ። የሊቀ ጥፋት በር ጠባቂዎች ግራና ቀኝ ይዘውት በገበያው መሐል ሲያልፉ አይቻለሁ። ገበያተኛው ሁሉ አይቷል። አንተም ጨው ተራ ቆመህ ነበር አያ ስንሻው፤ አይተሃል።»

እውነቷን ነው። አይቼ ፊቴን ወደ ጨው ነጋዴው አዙሬ ነበር። በሥርዓታችን እጅ ከታየ ላባ አይቀመጥም፤ ሰዉ ይፈለጋል። ወደ አዋጅ ነጋሪው ዞርኩ። እሱ ደግሞ እንደ ቀላል ነገር፣ «በር ጠባቂዎቹ ካፖርት ለብሰው ነበር፣ እጅጌው ረጅም ነው፤ ስለዚህ እጅ አልታየም» አለ። ከዚያም የተሰበሰበውን ሰው አንድ በአንድ አየና፣ «እጅ ያየ አለ?» አለ። ሰው ሁሉ መሬት መሬት አየ።

ከከረጢቴ አንድ ላባ አውጥቼ በርጩማዋ ላይ አኖርኩ። «ነጣቂው ወሰደው» ስል ድምፄ አልተንቀጠቀጠም። ሃያ ዓመት የለመደ አፍ ነው።

ሰው ሲበተን ትርንጎ ላባውን አነሣችና አገላብጣ አየችው። በጣቷ ጫፉን ዳሰሰችው። የቀኝ ክንፍ ላባ ኖሯል፤ ጫፉ ቀጥ ብሎ በመቀስ ተቆርጧል። እኔ አላስተዋልኩትም ነበር። በአገራችን ላባውን የሚያይ ሰው አልነበረም፤ የሚታየው አኑሪው ነው።

«ይሄ የኔ ገብስማ ነው» አለች፣ እኔ ብቻ እንድሰማ አድርጋ። «በላኸው?»

«በላሁት» አልኳት። ከብዙ ዓመት በኋላ የተናገርኩት የመጀመሪያው እውነት ይህ ነበር፤ እሱም ስለ ዶሮ።

ብትጮህብኝ፣ ፊቴን ብትቧጭረኝ በወደድኩ። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝም ግድ አልነበረኝም። እሷ ግን ላባውን መልሳ በርጩማዋ ላይ አስቀመጠችው። «ያኖርከው አንተ ነህ፤ የሚያነሳውም አንተ ነህ» አለችኝና ገባች።

አላነሳሁትም። ቤቴ ገብቼ በሬን ዘጋሁ። ራስ ምታት ይዞኛል አልኩ፤ የሚጠይቀኝ ሰው ሳይኖር ለራሴ ማለት ነው። ላባ ያረፈበት ሰው ስሙ ስለማይነሳ ስለ አንለይ የሚያወራልኝም አልነበረም። በአራተኛው ቀን እኩለ ቀን ላይ በሬ ተንኳኳ።

«አያ ስንሻው! አለህ? በሞቴ ውጣልኝ!»

ትርንጎ ናት። ትንፋሼን ዋጥኩ። ደጋግማ መታች።

«ቤት እንዳለህ አውቃለሁ! አንድ ጊዜ ውጣልኝ፣ የምነግርህ አለኝ!»

በሩና እኔ መሐል ሁለት ክንድ ቢሆን ነው። በስንጥቁ የነጠላዋ ጥለት ይታየኝ ነበር። ጎረቤት ሰብስባ ልታዋርደኝ ነው ብዬ ግድግዳው ላይ ተለጠፍኩ። ብዙ ቆማ ሄደች። ማምሻውን መጣች፣ በማግስቱም መጣች። ከዚያ ተወችኝ፤ እኔም ተመስገን አልኩ።

በአሥራ ሁለተኛው ቀን ግን እንጀራው ከአፌ አልገባ አለ። የአንለይ አስተያየት ፊቴ ላይ ድቅን እያለ እንቅልፍ ነሳኝ። ምን ይመጣል ብዬ ተነሣሁ፤ ነጭ ልብሴን ለበስኩ፤ የገበያ ቀን ነበርና ገበያ መሐል ሄጄ ቆምኩ። እጄን ወደ ላይ ዘርግቼ፣ «እጅ ነበር!» አልኩ። «በአንለይ ላይ ያኖርኩትን ላባ አንስቻለሁ! ላባው የዶሮ ነው! ዶሮውን የሰረቅኩት እኔ ነኝ! ወፉ ከሄደ ሦስት ዓመት አልፎታል!» ሐፍረት እንዳለ ሆኖ፣ ኩራት ቢጤም ተሰማኝ፤ ይህንንም ልደብቅ አልፈልግም።

የቁጣ ጩኸት ጠብቄ ነበር። ሰው ግን በሐዘኔታ ራሱን ነቀነቀ። አንዷ እናት «ምስኪን!» ስትል ሰማሁ። አዋጅ ነጋሪው መጣና ከረጢቴን በቀስታ ከትከሻዬ አወረደ።

«አእምሮ ነበረው ወይ?» ብሎ ገበያተኛውን ጠየቀ።

«ነበረው» አሉ።

«አሁን የለም ወይ?»

«የለም።»

«እጅ ያየ አለ ወይ?»

እጄ እንደ ተዘረጋ ነበር። ጣቶቼ ሁሉ ፀሐይ ላይ ነበሩ። ያየ አልነበረም። አዋጅ ነጋሪው ከከረጢቴ ላባ አውጥቶ እግሬ ሥር አኖረና «ነጣቂው ወሰደው» አለ። ገበያው ወደ ገበያው ተመለሰ። ከዚያ ሰዓት ጀምሮ በአገሬ ስሜን የጠራ የለም።

አንድ ሰው ብቻ ወደኔ መጣ። ትርንጎ ናት፤ ከላይ እስከ ታች ጥቁር ለብሳለች። ላባ ካረፈበት ሰው ጋር መነጋገር ክልክል ነው፤ እሷ ግን ከፊቴ ቆመች።

«ምነው ጥቁር?» አልኳት። «አሁን እኮ ላባው ተነስቷል፤ እንፈልገዋለን።»

«አግኝቼው ነበር» አለች።

ላባውን ባኖርኩ በሦስተኛው ቀን ብቻዋን ደን ገብታ ስሙን እየጠራች ስትሄድ፣ ግንድ በመጋዝ ይሰነጠቅበት ከነበረ አሮጌ ጥልቅ ጉድጓድ ውስጥ መለሰላት። በር ጠባቂዎቹ ወርውረውት ሄደው፣ ሁለት እግሩ ተሰብሯል። በሱው ማር መቁረጫ ገመድ ውኃና ዳቦ አወረደችለት። እሱን ለማውጣት ግን አራት ወንድ ያስፈልጋል። በየቤቱ ዞራ በሹክሹክታ ለመነች፤ ሁሉም የመለሱላት አንድ ነው፤ ላባው ይነሳ፣ የዚያኑ ሰዓት ገመድ ይዘን እንመጣለን። በር ጠባቂዎቹ ሰምተው ሄደው እንዳይጨርሱት ብላ ከደጄ ቆማ ነገሩን መጮህ ፈራች። በዘጠነኛው ቀን ከባድ ዝናብ ጣለ፤ ጉድጓዱ ሞላ።

«መጥቼልህ ነበር» አለችኝ።

«ሰምቼሻለሁ።»

«ቤት ነበርክ?»

«ነበርኩ።»

«ታዲያ ምነው አልወጣህ?»

ያለኝን ነገርኳት።

«ስለ ዶሮው መስሎኝ።»

አንገቷን ነቅንቃ ነጠላዋን አጣፋች።

«ዶሮውንማ» አለችኝ፣ «የዚያኑ ዕለት ይቅር ብዬህ ነበር።»